ሁለተኛው ጥያቄ

ዓለምጸሐይ አርባ ስምንት ዓመት ሙሉ አንዲት ቆርቆሮ ፈርታ ኖራለች።

ሰባ አንድ ዓመት የሞላትን ሴት «እሳቸው» ማለት እንደሚገባ ጠፍቶኝ አይደለም። ሜልቦርን ዳር፣ ዌሪቢ ያሉ ጎረቤቶቿም የቤተ ክርስቲያን ሰዎችም «እትዬ ዓለምጸሐይ» ነው የሚሏት። ነገር ግን የፍቅር ታሪክ አንቱታ አይመቸውም፤ ደግሞም የቆርቆሮዋ ነገር ሲጀመር ሃያ ሦስት ዓመቷ ነበር። ስለዚህ አንባቢዬ ይፍቀዱልኝና «እሷ» እላታለሁ።

ቆርቆሮዋ ክብና ጠፍጣፋ ናት፤ የድስት ክዳን ታህላለች። ዙሪያዋን ፕላስተር ተጠምጥሞባታል፤ ክዳኗ ላይ በሰም እርሳስ «እርሻ» ተብሎ ተጽፏል። ውስጧ የቴሌቪዥን ፊልም አለ። ምን ፊልም እንደሆነ ግን ዓለምጸሐይ አታውቅም። ከአዲስ አበባ መተማ፣ ከመተማ ካርቱም፣ ከካርቱም ሜልቦርን በነጠላ ጠቅልላ ስትዞር አንድም ቀን አልከፈተቻትም። ባሏ በሕይወት ሳለ «ምንድን ናት?» ሲላት «የሥራ ዕቃ ናት» ብላ አልፋዋለች። ነፍሱን ይማረውና፣ ብዙ የማይጠይቅ ሰው ነበር።

እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል። ዓለምጸሐይ ያየችውን እባብ ለማወቅ ወደዚያ ዘመን መመለስ አለብን፤ ረጅም አላደርገውም።

ቴሌቪዥን ያኔ ገና ልጅ ነበር። ዜና ማለት የተሰጠን ወረቀት ኮስተር ብሎ ማንበብ፣ ፊልም ማለት ሪባን ሲቆረጥ ማሳየት ነበር። ወልዴ የሚባል ቀጭን ጋዜጠኛ ካሜራውን ከስቱዲዮ አውጥቶ መንገድ ላይ አቆመው። በየሳምንቱ ሐሙስ «ጉዳዩ ምንድን ነው?» የሚል ዝግጅት ነበረው። ነጭ ጋዝ ሲወደድ ሻጩንም፣ ገዢዋንም፣ ሹሙንም ይጠይቃል። ሌላው ጋዜጠኛ አንድ ጠይቆ «እናመሰግናለን» ሲል ወልዴ መልሱን ይሰማል፣ ትንሽ ዝም ይላል፣ ከዚያ ሁለተኛ ይጠይቃል። ሹማምንቱን የሚያልባቸው እዚያ ላይ ነበር። ከተማው ውስጥ ነገር የሚያምታታ ሰው ሲገኝ «ወልዴን ላምጣብህ?» ይባል ጀመር።

ዓለምጸሐይ ፊልም ቆራጭ ነበረች። መስኮት በሌለው ክፍል ተቀምጣ ኔጋቲቩን ብርሃን ላይ ዘርግታ ታነባለች፤ ጥቁሩን ነጭ፣ ነጩን ጥቁር አድርጋ። የታጠበው ፊልም በቆርቆሮ ሲደርሳት ውስጡ የቀረጻው ዝርዝር የሰፈረበት ብጣሽ ወረቀት ይኖራል፤ የጣቢያው ደንብ ነው። ወልዴ ግን ከዝርዝሩ ግርጌ ሁልጊዜ አንድ መስመር ይጨምራል። «ገበያ፣ ሦስት ደቂቃ። ሹሙ፣ ሁለት ደቂቃ። ትናንት ለምን ኮስተር አልሽብኝ?» እሷም መልሷን ባዶው ቆርቆሮ ውስጥ አድርጋ ትመልሳለች። ፍቅራቸው እንዲህ በቆርቆሮ ሲመላለስ ሁለት ዓመት ሆነው።

መንግሥት ተለወጠ፤ ሰውም በሹክሹክታ መናገር ጀመረ። በ1969 ዓ.ም. ወልዴ አምደሚካኤል የሚባል ዳቦ ጋጋሪ አነጋገረ። ስሙም ፊቱም ላይወጣ፣ ጀርባውን ሰጥቶ ሊናገር ተስማምተው ነበር። ሰውየው ከሰፈሩ ስለጠፉ ልጆች ተናገረ። ወልዴ እንደ ልማዱ ዝም ብሎ ሁለተኛ ሲጠይቀው ብሶቱ ገነፈለና ነጭ ቆቡን እንዳደረገ ዞሮ ካሜራውን አየው።

በሦስተኛው ቀን ማለዳ የደኅንነት ሰዎች ወልዴን ከቤቱ ወሰዱት። በዚያው ቀን እኩለ ቀን ላይ ሰዎቹ ወደ ቴሌቪዥን ጣቢያው መጥተው የዳቦ ቤቱን ፊልም ጠየቁ። አለቃዋ ፊት ወረቀት እስኪፈርሙ ድረስ ዓለምጸሐይ ጥቂት ደቂቃ ነበራት። ጠረጴዛዋ ላይ ሁለት ቆርቆሮ ነበር፤ አንዱ «ዳቦ ቤት» ይላል፣ ሌላው «እርሻ»። የእርሻውን ወልዴ ራሱ ከአርሲ ቀርጾት የመጣ ነው፤ ታጥቦ የደረሳት የዚያኑ ዕለት ጧት ስለሆነ ገና አልከፈተችውም ነበር። ሁለቱን ፊልሞች ላቀያይር፣ በዳቦ ቤቱ ቆርቆሮ እርሻውን ልስጣቸው ብላ አሰበች። ክዳኖቹን እንደከፈተች መብራት ጠፋ።

በጨለማ ቀያየረቻቸው።  ኮቴ ሰማች፣ ደነገጠች፣ ደግማ ዳሰሰቻቸው። ደግማ ቀያየረቻቸው ይሆን? አንዴ ይሁን ሁለቴ እስከ ዛሬ አታውቅም። «ዳቦ ቤት» የሚለውን ቆርቆሮ ሰጠቻቸው፣ «እርሻ» የሚለውን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። በአሥረኛው ቀን አምደሚካኤል ተወሰደ፤ አልተመለሰም፤ ዓለምጸሐይ ወሬውን የሰማችው ፊልሙን በሰጠችበት ማታ ሸሽታ ከተደበቀችበት ነው።

አንዴ ከሆነ የሰጠቻቸው እርሻ ነው። ሁለቴ ከሆነ ግን ዳቦ ጋጋሪውን በገዛ እጇ አሳልፋ ሰጥታዋለች። መልሱ ቆርቆሮዋ ውስጥ ነው። በእንቅልፏ ክዳኑን ስትከፍት ጥማድ በሬ እየወጣ ቆሞ ያያታል፤ ላብ አጥምቋት ትነቃለች። ካልከፈተችው ግን ገና አልተፈረደባትም፤ በዚህች ተስፋ ነው አርባ ስምንት ዓመት የኖረችው።

* * *

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል። የደረሰው በልጅ ልጇ በኩል ነበር።

ናዝራዊት ሃያ አራት ዓመቷ ነው፤ ጋዜጠኝነት ተምራለች። ከሁለት ጓደኞቿ ጋር በማኅበረሰብ ቴሌቪዥን ላይ በአማርኛ ሳምንታዊ የወቅታዊ ጉዳይ ዝግጅት ልትጀምር ነው። የመጀመሪያውን ክፍል ይህ ሥራ አገር ቤት እንዴት እንደተጀመረ ልታደርገው ፈልጋ ሰው ስትጠይቅ ከርማ፣ አንድ ማክሰኞ እየሮጠች ገባች።

«እማማ፣ ጌስ ዋት! ፍሌሚንግተን ሰፈር አንድ ሽማግሌ አገኘሁ። ከፐርዝ ከመጣ ሁለት ዓመቱ ነው። ካሜራ ይዞ መንገድ የወጣው እሱ ነው። ኢንተርቪው አደረግሁት።»

«‹አደረግኋቸው› በይ፣ ሽማግሌ ናቸው ካልሽ።»

«ሶሪ፣ አደረግኋቸው። ግን ያንተ ፊልም ቆራጭ ማን ነበር ስለው… ስላቸው፣ ያንቺን ስም ነገሩኝ! አያቴ ናት አልኩ። ላይክ፣ ጸጥ አሉ። በጣም ጸጥ። ከዚያ ይሄን ስጫት አሉኝ።»

ፖስታው ታሽጎ ነበር። ዓለምጸሐይ ናዝራዊት እስክትወጣ ጠበቀች፤ መነጽሯን ሁለት ጊዜ ጠረገች። ሞቷል ብላ ነበር፤ አልቅሳለት ነበር። ጽሑፉ ተጣሟል፣ መስመሩን ስቷል፤ የእሱ እጅ መሆኑን ግን ከሩቅ አወቀችው።

«ዓለሜ፣ እግዚአብሔር ይመስገን አለሁ። ሰባት ዓመት ታስሬ ወጣሁ። አግብቼ ነበር፣ ሞተችብኝ። አንቺም በዚህ ከተማ እንዳለሽ ከልጅቱ ሰማሁ። ዓይኔ ደክሟል፤ የምኖርበት የመንግሥት ሕንፃም ሊፈርስ ነውና ወዴት እንደሚወስዱኝ አላውቅም፤ ስለዚህ ሳልጽፍልሽ መቅረት አልፈለግሁም። ያኔ የጠየቅሁሽን ሳትመልሺልኝ ቀረሽ፤ እሱን ተረድቼዋለሁ። ስለ ፊልሙም ይቅር ብዬሻለሁ። ወልዴ።»

የጠየቃት ነገር ምን እንደሆነ አላስታወሰችም፤ ልታስብበትም አልቻለችም። ዓይኗ «ይቅር ብዬሻለሁ» የሚለው ላይ ተተክሎ ቀረ። እንግዲያው ያውቃል ማለት ነው። እንግዲያው ሁለቴ ነበር የቀያየረችው። ለሌላ ሰው ምሕረት የሚሆነው ቃል ለእሷ ፍርድ ሆነባት።

መልስ ሳትጽፍ ሦስት ሳምንት አለፈ። ቅዳሜ ዕለት ናዝራዊት ብርድ ልብስ ልትፈልግ ቁም ሣጥኑን ከፍታ ቆርቆሮዋን አገኘቻት።

«እማማ! ይሄ ፊልም ነው? ኦ ማይ ጋድ፣ ለምን አልነገርሽኝም?»

«ንኪው አላልኩሽም! መልሺው!»

ናዝራዊት አያቷ እንዲህ ስትጮህ ሰምታ አታውቅም። ዓለምጸሐይም ራሷን ሰምታ አታውቅም።

«እሺ፣ አይሰበርም፤ ላብራቶሪ ነው የምወስደው። ስካን ያደርጉታል። ለሐሙስ ቡክ አድርጌዋለሁ» አለች ልጅቷ ስልኳን እየነካካች። «ጋሼ ወልዴንም እጠራቸዋለሁ፤ አብራችሁ ስታዩት እቀርጻለሁ።»

አብረን ስናየው፣ አለች ዓለምጸሐይ በልቧ። በሬው ሲወጣ እሱ አጠገቤ ተቀምጦ። 

* * *

ረቡዕ ጧት ቆርቆሮዋን በነጠላ ጠቅልላ የገበያ ጋሪዋ ውስጥ ከተተቻት፤ ከላይ ጎመን ጣል አደረገችባት። ከካሜራ ፊት ከምትዋረድ ሄዳ ለብቻው ልትነግረው ቆርጣለች። ቢያባርራት እሱ ብቻ ያባርራት።

ዌሪቢ ጣቢያ ላይ ማይኪ የሚሉትን የባቡር ካርዷን ስታስነካ እጇ ስቶ ሁለት ጊዜ አስነካች። ባቡሩ ውስጥ ዩኒፎርም የለበሱ ተቆጣጣሪዎች ሲገቡ ልቧ ወደ መተማ ኬላ ተመለሰ፤ ጋሪውን በጉልበቷ መሀል አጥብቃ ያዘች። አንዱ ካርዷን አይቶ ፈገግ ብሎ አለፈ። የሚፈልጓት እነሱ እንዳልሆኑ እያወቀች እስከ ፉትስክሬይ ጣቢያ ድረስ አለቀቀችውም። ከተማ ወርዳ ትራም ያዘች፤ ሬስኮርስ ሮድ ላይ ስትወርድ ነፋሱ ነጠላዋን ገፈፋት። ሊፈርሱ ያሉትን ሕንፃዎች ቀና ብላ አየች። እዚያ ላይ ወልዴ አለ። በሕይወት አለ፣ ሻይ ይጠጣል፣ ያስላል። ለመሸሽ የፈለገችውን ያህል እሱን ለማየት ፈለገች።

ፖስታው ላይ የተጻፈው አሥራ አንደኛው ፎቅ ላይ አብዛኞቹን ቤቶች ሰው ለቋቸው ነበር። አንኳኳች።

«ማነው?»

ድምፁ አላረጀም። ግድግዳውን ተደገፈች።

በሩ ተከፈተ። ጸጉሩ ነጭ ሆኗል፤ ዓይኖቹን ሞራ ጋርዷቸዋል፤ ከበላይዋ ያለውን አየር እያየ ቆመ።

«ይግቡ እመቤቴ፤ ከሰበካ ጉባኤው ነዎት?»

«አዎ» ማለት ትችል ነበር። ጎመኑን ሰጥቶ መመለስ፣ ባቡር መሳፈር፣ ቤቷ ገብቶ በሯን መቆለፍ። አፏን ከፈተች።

«ከቆራጮች ክፍል ነኝ» አለች።

ወልዴ መቃኑን ያዘ።  ከዚያ አንቱታው በአንዴ ረገፈ።

«ዓለሜ?» አለ። «አንቺ ነሽ?»

በዚህ ስም የጠራት ሌላ ሰው የለም። አለቀሰች፤ ከደስታ ይሁን ከፍርሃት ራሷም አልለየችውም።

* * *

ሻይ ቀዳላት፤ ግማሹ ሳህኑ ላይ ፈሰሰ። በመስኮቱ የክረምት ፀሐይ ገብታ ጠረጴዛው ላይ ተኝታ ነበር። ዓለምጸሐይ ብርጭቆውን ሳትነካ ጀመረች፤ ካቆመች እንደማትቀጥል ታውቃለች። ሁለቱን ቆርቆሮዎች፣ የጠፋውን መብራት፣ አንዴ ይሁን ሁለቴ የማታውቀውን ሁሉንም ነገረችው።

«ይቅር ማለትህን ሳይ ሁለቴ እንደነበር ገባኝ» አለች። «አምደሚካኤልን የገደልኩት እኔ ነኝ። ከአፌ እንድትሰማው ነው የመጣሁት።»

ቆርቆሮዋን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠቻት። ወልዴ በእጁ ዳሰሳትና እንደ እሳት ለቀቃት።

«ይሄ… አለ?» አለ። ፊቱ አመድ መሰለ። «ተርፏል?»

ተጸየፈኝ ብላ አሰበች። ልትነሳ ጋሪዋን ያዘች።

«ተቀመጪ» አለ። «ተቀመጪ፣ ዓለሜ። እኔም የምነግርሽ አለ። በታሰርኩ በሦስተኛው ቀን አንድ ጸጥተኛ ሰው መጣ። አልመታኝም። ሲጋራ ሰጠኝ። ‹ልጅቷ ፊልሙን ሰጥታናለች፤ ፊቱን አይተነዋል፤ የቀረን ስሙ ነው፤ እሱንም ከሰፈር እናገኘዋለን። አንተ ለምን ትሞታለህ?› አለኝ። ካዩት ምን ቀረ ብዬ… ስሙን ነገርኳቸው። የትኛው ዳቦ ቤት እንደሆነም።»

ዓለምጸሐይ የጋሪውን እጀታ ለቀቀች።

«ሁለተኛ አልጠየቅሁትም» አለ ድምፁ ተሰብሮ። «‹እስቲ አሳዩኝ› አላልኩም። ሹሙን ሁሉ የማስጨንቅ ሰው ያን ዕለት አንዲት ጥያቄ አጣሁ። ፈርቼ ነበር። ከዚያ ወዲህ ለራሴ ስናገር የኖርኩት አንድ ነገር ነው፤ ፊልሙን ሰጥታቸው ነበር፣ እኔ ባልናገርም ያገኙት ነበር። ይቅር ብዬሻለሁ ያልኩሽ ለአንቺ ብዬ አይደለም። አንቺ ካልሰጠሽ እኔ ብቻዬን ነኝ። ሸክሜን ነው ያካፈልኩሽ።»

ሁለቱም ፊታቸውን ወደ ቆርቆሮዋ መለሱ። አሁን ነገሩ ግልጽ ነው። ውስጧ በሬ ካለ ጥፋተኛዋ እሷ ናት። ነጭ ቆብ ያደረገው ሰው ካለ ሰዎቹ ዋሽተዋል፣ አምደሚካኤልን ያስበላው ወልዴ ብቻ ነው። ዓለምጸሐይ አርባ ስምንት ዓመት «ንጹሕ አድርገኝ» ብላ የጸለየችው ጸሎት ድንገት አስፈራት። የእሷ መዳን የእሱ መጥፋት መሆኑን ማን ነግሯት ነበር?

«ይቅር፣ አንክፈተው» አለች።

«ነገ ልጅቷ ከምትከፍተው ዛሬ አንቺ ክፈቺው። እኔ እንደሆንኩ አላይም። አንቺ ግን ታነቢዋለሽ።»

ፕላስተሩ በጥፍሯ ሥር ተፈረፈረ። ክዳኑ ዝጎ ነበርና በማንኪያ ጫፍ ፈለቀቀችው። የአቼቶ ሽታ ክፍሉን ሞላው፤ ፊልም ሲያረጅ እንዲህ ይሸታል። ጥቅሉን አወጣች፤ ተኮማትሯል፣ ጠርዙ ተሸብሽቧል። ጫፉን ይዛ ወደ መስኮቱ ሄደች። ጀርባዋን ለወልዴ ሰጥታ ፀሐይዋ ላይ ዘረጋችው። ጣቶቿ ሥራቸውን አልረሱም።

መጀመሪያ ባዶ ነበር። ከዚያ የሰው ጀርባ መጣ። ከዚያ ማይክ የያዘ ቀጭን እጅ፤ ያን እጅ ታውቀዋለች። ከዚያ ሰውየው ዞረ። ፊቱ ነጭ፣ ቆቡ ጥቁር። ጥቁሩን ነጭ፣ ነጩን ጥቁር አድርጋ አነበበችው። አምደሚካኤል ቆቡን እንዳደረገ ቀጥ ብሎ አያት።

አንዴ ነበር። አንዴ ብቻ።

ከደረቷ ላይ አንድ ነገር ወረደ፤ አርባ ስምንት ዓመት ተኝቶባት የነበረ። እልል ልትል ምንም አልቀራት። ዞር ስትል ግን ወልዴን አየችው። ወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀምጦ፣ በማያየው ዓይኑ ወደ እሷ አፍጥጦ፣ እንደ ተከሳሽ ሁለት እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ይጠብቃል።

«ምንድን ነው?» አለ።

ዓለምጸሐይ ፊልሙን ከፀሐይዋ ብርሃን አወረደችው።

«በሬ ነው» አለች።

ወልዴ ራሱን ዝቅ አደረገ። መልሱን ሰማ፤ ትንሽ ዝም አለ። ያን ዝምታ እሷ ከማንም ይልቅ ታውቀዋለች፤ ስንት ጊዜ በመቀስ ሳትነካው አሳልፋዋለች። 

«ስንት በሬ?»

«ሁለት። ጥማድ ነው። ገበሬው ከኋላ አለ።»

«ጅራፍ ይዟል?»

«ይዟል።»

ወልዴ ፈገግ ያለ መሰለ፤ እንባው ግን ጉንጩ ላይ ነበር።

«ዓለሜ» አለ ቀስ ብሎ፣ «አርሲ የሄድኩት ትራክተር ልቀርጽ ነው። በዚያ ፊልም ውስጥ አንድም በሬ የለም።»

ፊልሙ ከእጇ ወርዶ ወለሉ ላይ ተዘረጋ። የተናገረችው በሬ የገዛ ሕልሟ በሬ ነበር፤ ሌላ አልነበራትም።

«ለምን ዋሸሽኝ?»

«እኔ ለምጄዋለሁ» አለች እያለቀሰች። «አርባ ስምንት ዓመት ተሸክሜዋለሁ፤ የት እንደሚከብድ፣ የት እንደሚያሳርፍ አውቃለሁ። አንተ ብቻህን አትችለውም ብዬ ነው።»

ወልዴ ፊቱን በእጁ ሸፈነ። እንደ ልጅ አለቀሰ። አላባበለችውም፤ አጠገቡ ወለሉ ላይ ተቀመጠችና ጉልበቱን ያዘች። ሲበቃው እጁ ባዶዋን ቆርቆሮ ፈልጎ አገኛት፤ ጣቱ ከሥሯ የሆነ ነገር ነካ።

«ወረቀቱ አለ» አለ ተደናግጦ። «አላነበብሽውም እንዴ?»

ቆርቆሮዋ ግርጌ ላይ ተለጥፎ የቀረ ብጣሽ ነበር። በጨለማ ፊልሙን ስታወጣ አልተሰማትም። በጥፍሯ ላጠችውና አነበበችለት።

«አርሲ። ትራክተሮች፣ አራት ደቂቃ። የስንዴ ማሳ፣ ሁለት ደቂቃ። ለፋሲካ እናትሽ ዘንድ ሽማግሌ ልላክ ወይ? መልስሽን በዚሁ ቆርቆሮ።»

 ጥያቄው አርባ ስምንት ዓመት ሙሉ ከአልጋዋ ሁለት ክንድ ርቆ፣ በነጠላ ተጠቅልሎ ተቀምጧል። ልትከፍተው ፈርታ።

ስልኳ ጮኸ። ናዝራዊት ነበረች፤ የት ጠፋሽ፣ ቆርቆሮውስ የት ነው ትላለች። ወልዴ እጁን ዘርግቶ ስልኩን ተቀበለ።

«ልጄ፣ ፊልሙ እኔ ዘንድ ነው፤ ነገ ትወስጂዋለሽ። ካሜራሽን ግን መጀመሪያ እዚህ ይዘሽ ነይ። የምናገረው አለኝ።»

ዓለምጸሐይ ደነገጠች። «ወልዴ፣ ሰው ምን ይላል? ቤተ ክርስቲያን በየት በኩል ትገባለህ? የሰውየው ዘመዶች ቢሰሙስ?»

«እንዲሰሙት ነው» አለ።  «ፈርቻለሁ፣ ዓለሜ። ያን ጊዜ ከፈራሁት ይበልጥ ፈርቻለሁ። ልጅቷ ጎበዝ ናት፤ ግን ታዝንልኛለች፣ አንድ ጠይቃ ታልፈኛለች። ማን ይጠይቀኛል?»

«እኔ እጠይቅሃለሁ።»

«ሁለተኛውንም?»

«ሁለተኛውንም።»

ከቦርሳዋ እስክሪብቶ አወጣች። ብጣሿን ገልብጣ ጀርባዋ ላይ አንዲት ቃል ጻፈች፤ ቆርቆሮዋ ውስጥ አስቀምጣ ክዳኑን ገጠመችና ወደ እሱ ገፋችለት። ወልዴ የማያነበውን ወረቀት በክዳኑ ላይ በመዳፉ ዳበሰው።

«እሺ ነው የሚለው?»

«እሺ ነው። ሽማግሌ ግን ከየት ታመጣለህ? እኛው ሽማግሌ ሆነናል።»

ሳቀ፤ ሳቁ መሀል ላይ ቀጥ አለ። መልሱን ሰማ፤ ትንሽ ዝም አለ።

«ይህን ሁሉ ካወቅሽም በኋላ?»

«ካወቅሁ በኋላ ነው የጻፍኩት።»

እጁን ሰጣት። ፀሐይዋ ከጠረጴዛው ወርዳ ወለሉ ላይ የተዘረጋው ፊልም ላይ ደርሳ ነበር፤ ነገም ከነካሜራው መምጣቱ አይቀርም። የአንዳቸው እጅ ይንቀጠቀጥ ነበር። የማን እንደሆነ ዓለምጸሐይ መለየት አልቻለችም፤ ለመለየትም አልፈለገችም።